ዲሊፕ ኩማር ለምን ድምፁን ዝቅ ያደርጋል? ፊልሞቹስ ከየትኛው ይጀመራሉ?

ጥያቄው፦ «አባቴ በወጣትነቱ የህንድ ፊልም አፍቃሪ ነበር። የዲሊፕ ኩማርን ስም ሲያነሳ እስከ ዛሬ ድምፁ ይለወጣል፤ ‹እንደሱ ያለ አልተፈጠረም› ይላል። እኔም ገርሞኝ ‹ዴቭዳስ›ን እና ባለቀለሙን ‹ሙጋል-ኤ-አዛም› ከኢንተርኔት አውርጄ አየሁ። እውነቱን ልናገር፣ አንዱን ግማሽ ላይ ተውኩት። ሰውዬው ያንሾካሹካል፣ ፊቱ ብዙም አይንቀሳቀስም፣ ሲዘፍን ደግሞ ድምፁ የሌላ ሰው ይሆንብኛል። ከ50 ዓመት በላይ በሙያው ቆይቶ 60 ገደማ ፊልም ብቻ የሠራው ሥራ አጥቶ ነው? አባቴ አርጅቷል፤ አብሬው ቁጭ ብዬ ማየት እፈልጋለሁ። ከየትኛው ልጀምር?»

ከመጨረሻው ጥያቄ ልነሳ። በ1957 ከወጣው ከጥቁርና ነጩ «ናያ ዳውር» ይጀምሩ። እርስዎ የመረጧቸው ሁለቱ ፊልሞች ከዲሊፕ ኩማር ሥራዎች ሁሉ ስማቸው የገነነ ነው፤ ለጀማሪ ግን አንዳቸውም አይሆኑም። «ዴቭዳስ» ተዋናዩ አሥር ዓመት ያህል ሲያበስለው የቆየውን ዝምታ ጥግ ያደረሰበት ፊልም ነው። በ«ሙጋል-ኤ-አዛም» ደግሞ ዙሪያው ሁሉ በታላቅ ድምፅ ሲናገር እሱ ብቻውን ዝቅ ይላል። ያ ዝምታ ከምን እንደ መጣ ሳያውቁ ፊቱ ቢቀመጡ መሰልቸትዎ አይገርምም። በዚያ ላይ ያወረዱት ኮፒ ራሱ የተጎዳ ሊሆን ይችላል፤ ወደሱ እመለሳለሁ። ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመቶች ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ሰውየው በትውልድ ስሙ መሐመድ ዩሱፍ ካን ይባላል። በታኅሣሥ 1922 ዛሬ ፓኪስታን ውስጥ በምትገኘው ፔሻዋር ተወለደ፤ አባቱ የፍራፍሬ ነጋዴ ነበሩ። ቤተሰቡ ወደ ቦምቤይ ከመጣ በኋላ ወጣቱ ዩሱፍ ለጥቂት ጊዜ ፑና ከተማ በሚገኝ የጦር ሠራዊት ክበብ ሳንድዊች እየሸጠ ኖሯል። በ1942 የቦምቤይ ቶኪስ ስቱዲዮ ኃላፊ ከነበረችው ከዴቪካ ራኒ ጋር ተገናኘና በወር 1,250 ሩፒ ተዋናይ ሆኖ ተቀጠረ። የመጀመሪያ ፊልሙ «ጃዋር ባታ» በ1944 ወጣ፤ ብዙም አልተሳካለትም። ሕዝብ ያወቀው በ1947 በ«ጁግኑ» ነው። ከዚያ በኋላ እስከ 1961 ድረስ ራጅ ካፑር፣ ዴቭ አናንድና እሱ የሂንዲን ሲኒማ በሦስትነት ያዙት።

ስሙን የቀየረው በህንድና በፓኪስታን መለያየት ጊዜ ሃይማኖቱን ለመደበቅ ነው የሚል ወሬ አለ። ስሕተት ነው። ስሙ የወጣለት መለያየቱ ከመምጣቱ ሦስት ዓመት በፊት ነው፤ ሐሳቡን ያመጣችው ዴቪካ ራኒ ናት። እሱም የተቀበለው በአብዛኛው አባቱ የፊልም ሥራን ስለሚንቁ ነበር። ማንነቱን ደግሞ ማንም አላጣውም።

አሁን ወደ ሹክሹክታው። የህንድ ፊልም አነጋገሩን የወረሰው ከሱ በፊት ከነበረው የመድረክ ትርኢት፣ ከፓርሲ ቲያትር ነው። ማይክሮፎን በሌለበት አዳራሽ ከኋላ ረድፍ ለተቀመጠው እንዲሰማ ተዋናይ ደረቱን ነፍቶ፣ ቃሉን አስረዝሞ፣ እጁን ዘርግቶ መናገር ነበረበት። ድምፅ ያለው ፊልም በ1931 ህንድ ሲገባ ማይክሮፎኑ አንድ ክንድ ላይ መጣ፣ ካሜራው ፊት ሥር ገባ፤ ተዋናዮቹ ግን ገና ለኋላ ረድፍ መጮሃቸውን አልተዉም። ይህን ልማድ መጀመሪያ ያላሉት የዲሊፕ ኩማር ታላላቆች ናቸው፤ በተለይ አሾክ ኩማርና ሞቲላል። ቦምቤይ ቶኪስ ሲገባ አሾክ ኩማር እዚያው ስለነበር ትምህርቱን ከቅርብ አገኘ። እሱ የጨመረው ነገር ዝም ማለትን ነው። መልስ ከመስጠቱ በፊት ይቆያል። የዐረፍተ ነገሩን መጨረሻ አያነሳም፣ ይጥለዋል። አንዱን ቃል ሁለት ጊዜ ይለዋል፤ የመጀመሪያው ለሚያናግረው ሰው ነው፣ ሁለተኛው ለራሱ። በጣም የሚያመው ነገር ሲመጣ ፊቱን ከካሜራው ግማሽ ያዞራል።

ብዙ ሰው ይህን አሠራር ከአሜሪካ፣ በተለይ ከማርሎን ብራንዶ የቀዳው ይመስለዋል። የዓመቶቹ ቅደም ተከተል ይህን አይፈቅድም። ብራንዶ ለመጀመሪያ ጊዜ በፊልም የታየው በ1950 ነው። ዲሊፕ ኩማር በ1949ኙ «አንዳዝ» ውስጥ ሙሉ በሙሉ በዚህ መንገድ ሲሠራ እናየዋለን።

አንድ ቴክኒካዊ ነገርም ልብ ይበሉ። በ1950ዎቹ የቦምቤይ ስቱዲዮዎች ንግግር በአብዛኛው የሚቀዳው እዚያው ቀረጻው ላይ ነበር። ኋላ ቀላልና ድምፃቸው የሚያንጓጓ ካሜራዎች ሲለመዱና ከስቱዲዮ ውጭ መቅረጽ ሲበዛ ተዋናይ ንግግሩን በሌላ ቀን፣ በሌላ ክፍል፣ ምስሉን እያየ እንደገና መቅዳት ጀመረ። ስለዚህ በ«አንዳዝ» ወይም በ«ዴቭዳስ» የሚሰሙት የዲሊፕ ኩማር ትንፋሽ ሰውነቱ በዚያች ቅጽበት ያወጣው ነው። እርስዎ ሹክሹክታ ያሉት ይህ ነው። በስልክ ትንሽ ድምፅ ማጉያ ግማሹ አይሰማም።

ዘፈኑን በተመለከተ ጆሮዎ አልዋሸዎትም፤ ድምፁ የሌላ ሰው ነው። ከ1935 ጀምሮ የህንድ ፊልም ዘፈንን ለብቻው ቀድቶ በተዋናይ አፍ ላይ ማስቀመጥን ለመደ፤ «ፕሌይባክ» ይሉታል። አሠራሩ እንዲህ ነው። ዜማ ደራሲው፣ ኦርኬስትራውና ዘፋኙ ቀረጻው ከመጀመሩ በፊት ዘፈኑን አጠናቀው ይቀዳሉ። የተቀዳው በቀረጻው ቦታ በትልቅ ድምፅ ማጉያ ይለቀቃል። ተዋናዩ ከንፈሩን፣ ትንፋሹንና አንገቱን ከዘፈኑ ጋር ያስማማል፤ ካሜራው ቁርጥራጭ አድርጎ ይቀርጻል፤ ድምፁ ኋላ በኤዲቲንግ ይገጠማል። ይህ ማታለል አይደለም። ተመልካቹም ያውቀዋል፤ የዘፋኙ ስም በሸክላው ላይ ይጻፋል። ጉድለት የሚታየው ተዋናዩ ከንፈሩን ብቻ ሲያንቀሳቅስ ነው፦ ከፍ ያለው ዜማ ላይ የጉሮሮው ጅማት ካልተወጠረ፣ ትንፋሽ መውሰጃው ላይ ደረቱ ካልተነሳ ዓይን ወዲያው ይነቃል።

በ1960 በወጣው «ኮሂኑር» ውስጥ የሞሐመድ ራፊ ድምፅ ያለበት አንድ የክላሲካል ዘፈን አለ፤ ዲሊፕ ኩማር ሲታር እየመታ ይዘፍነዋል። የምንሰማው ሲታር የኡስታድ አብዱል ሃሊም ጃፈር ካን ነው። እጁ በቅርብ ቀረጻ ስለሚታይ ግን ዲሊፕ ኩማር ጣቶቹ በትክክለኛው ክር ላይ እንዲያርፉ ሲታር ተማረ። በሌላ ሰው እጅ ተክቶ መቅረጽ ይቻል ነበር።

ለአንድ ተዋናይ ሁልጊዜ አንድ ዘፋኝ ይዘፍናል የሚለውም ትክክል አይደለም። ለዲሊፕ ኩማር ታላት ማህሙድ፣ ሙኬሽና ራፊ እየተፈራረቁ ዘፍነዋል። የ«ዴቭዳስ» ድምፅ የታላት ነው፤ የሚንቀጠቀጥና ለስላሳ ስለሆነ ለሰካራሙ ልጅ ይስማማዋል። «ማዱማቲ» ላይ ሙኬሽ ይሰማል። የሚገርመው «አንዳዝ» ነው፤ ሙኬሽ የሚዘፍነው ለዲሊፕ ኩማር፣ ራፊ ደግሞ ለራጅ ካፑር ነው። ኋላ ሕዝቡ የሙኬሽን ድምፅ ከራጅ ካፑር ነጥሎ ማሰብ አቅቶት ስለነበር፣ አባትዎ ይህን ፊልም ሲያዩ ምናልባት «ድምፁ ተቀያይሯል» ይሉ ይሆናል። አልተቀያየረም፤ ልማዱ ገና ስላልጸና ነው። ዲሊፕ ኩማር በራሱ ድምፅ የዘፈነውን መስማት ከፈለጉ በ1957 በወጣው «ሙሳፊር» ውስጥ ከላታ ማንጌሽካር ጋር ያለውን ይፈልጉ።

የፊልሞቹ ማነስ ከሥራ ማጣት የመጣ አይደለም። የሂንዲ ፊልም ኢንዱስትሪ ተዋናይን በሺፍት የሚያሠራ ነበር፦ ጠዋት አንድ ስቱዲዮ፣ ከሰዓት ሌላ፣ ማታ ሦስተኛ፤ አንድ ሰው በአንድ ጊዜ አሥር ፊልም ላይ ሊፈርም ይችላል። ዲሊፕ ኩማር ከዚህ ራሱን አወጣ። ስክሪፕቱን ደጋግሞ ይጠይቃል፣ ንግግሩን ያስለውጣል፣ ካልተስማማው ይተዋል። ከ1961ዱ «ጋንጋ ጃምና» በኋላ ቀጣዩ ፊልሙ «ሊደር» የወጣው ከሦስት ዓመት በኋላ በ1964 ነው። ከ1976ቱ «ባይራግ» እስከ 1981ዱ «ክራንቲ» ድረስ አምስት ዓመት ሙሉ አልታየም። እምቢ ያላቸውም ይታወቃሉ። ዳይሬክተሩ ጉሩ ዳት «ፒያሳ» የተባለውን ፊልም ይዞለት ሲመጣ አልተቀበለም፤ ዳት ራሱ ሠራው፣ ፊልሙም የህንድ ሲኒማ ኩራት ሆነ። እንግሊዛዊው ዳይሬክተር ዴቪድ ሊን በበረሃ ፊልሙ በ«ሎውረንስ ኦፍ አረቢያ» ውስጥ የሰጠውንና ኋላ ኦማር ሸሪፍ የሠራውንም ገጸ ባሕርይ አልወሰደም። እምቢታው ሁሉ ትክክል ነበር አልልም፤ «ፒያሳ»ን ማጣቱ ይቆጨኛል። ያለፈው ግን ከ«ዴቭዳስ» ጋር በጣም ስለተቀራረበበት ነው፤ ይህም ከጤናው ጋር ይያያዛል።

«የትራጄዲው ንጉሥ» የሚለው ቅጽል በባዶ ሜዳ አልወጣም። «ጁግኑ»፣ «ሜላ»፣ «አንዳዝ»፣ «ዲዳር»፣ «ዴቭዳስ» ሁሉም በሞት ወይም ከሞት በማይሻል ነገር ያልቃሉ። በ«ዲዳር» ማየት የተሳነው ሰው ሆኖ ይሠራል፤ ዓይኑ በቀዶ ሕክምና ከበራለት በኋላ በገዛ እጁ መልሶ ያጠፋዋል። ይህን ዓይነት ገጸ ባሕርይ ዓመት ከዓመት ሲሸከም ኀዘኑ ከስቱዲዮ በር አብሮት እየወጣ ያስጨንቀው ጀመር፤ ሐኪም ዘንድ እስከ መሄድ ደረሰ። ቀለል ያለ ሥራ እንዲሠራ ተመከረ። «አዛድ» በ1955 የመጣው በዚህ ምክንያት ነው፤ ከአምስት ዓመት በኋላም «ኮሂኑር» ተከተለ። ሁለቱም ጭምብል፣ ጎራዴና ሳቅ የሞላባቸው ናቸው፤ ሁለቱም ለሂንዲ ፊልሞች በየዓመቱ የሚሰጠውን የፊልምፌር ምርጥ ተዋናይ ሽልማት አስገኝተውለታል። ያን ሽልማት በጠቅላላው 8 ጊዜ ወስዷል፤ ሽልማቱ በ1954 ሲጀመር የመጀመሪያውም ተሸላሚ እሱ ነበር፣ በ«ዳግ»። ስለዚህ ማልቀስ ብቻ የሚችል ተዋናይ ነው የሚል ሰው ፊልሞቹን አላየም ማለት ነው።

እንግዲህ ቅደም ተከተሉ። «ናያ ዳውር»ን ያስቀደምኩት እዚያ ውስጥ ዲሊፕ ኩማር በእግሩ ስለሚቆም ነው። ሻንካር የሚባል ባለጋሪ ነው። የእንጨት መሰንጠቂያው ባለቤት ልጅ ከከተማ መጥቶ መጀመሪያ ማሽን፣ ቀጥሎ አውቶቡስ ያስገባና የባለጋሪዎቹን እንጀራ ይዘጋል። ሻንካር ጋሪው ከአውቶቡሱ እንደሚቀድም ይወራረዳል፤ መንደርተኛው ተሰልፎ አቋራጭ መንገድ ይቆፍራል። ጋሪ በባጃጅ ሲተካ ያየ ኢትዮጵያዊ ይህን ታሪክ እንዲያስረዱት አይፈልግም። ኦ. ፒ. ናያር የሠራው ዜማም የፈረስ ኮቴ ምት አለው። ፊልሙ 173 ደቂቃ ነው፤ ዲሊፕ ኩማር ይስቃል፣ ይደባደባል፣ ይጨፍራል። ሹክሹክታው የሚመጣው በሁለት ሦስት ቦታ ብቻ ነው፤ ያኔ በደንብ ይሰማል።

ሁለተኛው «አንዳዝ» ይሁን። መህቡብ ካን ዲሊፕ ኩማርን፣ ናርጊስንና ራጅ ካፑርን በአንድ ቤት ውስጥ ያኖረበት ፊልም ነው፤ ሁለቱ ወንዶች በአንድ ፊልም የተገናኙበት ብቸኛ ጊዜ ነው። ራጅ ካፑር ይንቀሳቀሳል፣ ይቀልዳል፣ ክፍሉን ይሞላል። ዲሊፕ ኩማር ፒያኖው አጠገብ ቆሞ ያያል። የአሠራሩ ልዩነት በአንድ ፍሬም ውስጥ ጎን ለጎን ስለተቀመጠ ከመቶ ገጽ ማብራሪያ ይሻላል።

ሦስተኛው የቢማል ሮይ «ማዱማቲ»፣ 1958። ዝናብ በሚጥልበት ሌሊት አንድ ሰው አሮጌ ቤት ይጠለልና ቀድሞ የኖረበት መሆኑ ትዝ ይለዋል። የተራራ ጭጋግ፣ ዳግም ልደት፣ በጣም የሚያማምሩ ዘፈኖች። 9 የፊልምፌር ሽልማት ወስዶ ያን ክብረ ወሰን ከ35 ዓመት በላይ ይዞት ቆይቷል። በቀላሉ የሚታይ ነው፤ እዚህ ላይ ብዙ አልናገርም።

«ዴቭዳስ» አራተኛ ሲሆን ሌላ ፊልም ይሆንብዎታል። ዳይሬክተሩ ቢማል ሮይ 20 ዓመት ቀደም ብሎ፣ በ1930ዎቹ፣ ኬ. ኤል. ሳይጋል የሠራበትን የሂንዲውን «ዴቭዳስ» ካሜራ ያነሳ ሰው ነው። ሳይጋል ዘፋኝም ተዋናይም ስለነበር ኀዘኑን ዘፍኖ ነው ያወጣው። ዲሊፕ ኩማር ያን መንገድ መከተል አይችልም፤ ስለዚህ ሁሉንም ወደ ውስጥ አስገባው። የድሮ ፍቅሩን ሲያገኛት የሚለውን ሳይሆን ሊል ጀምሮ የሚተወውን ይከታተሉ። አንድ የንግግር ትዕይንት ይምረጡና ሦስት ጊዜ ይዩት፦ አንዴ እንዳለ፣ አንዴ ድምፁን ዘግተው፣ አንዴ ዓይንዎን ጨፍነው። በሁለተኛው ጊዜ ፊቱ «አይንቀሳቀስም» ያሉት እንዴት እንደሚሠራ ያያሉ፤ ዓይኑ ከሚያናግረው ሰው ቀድሞ ይሸሻል።

ቀጥሎ «ጋንጋ ጃምና»፣ 1961። የሚቻለኝ ቢሆን ይህን ፊልም ለሁሉም ሰው በግድ አሳየው ነበር። ያዘጋጀው በራሱ ገንዘብ ነው፤ አንዱ ወንድም ሽፍታ፣ ሌላው ፖሊስ ይሆናል። ትልቁ ድፍረቱ ቋንቋው ነው፦ ፔሻዋር ተወልዶ ቦምቤይ ያደገው ሰው ሙሉ ፊልሙን በሰሜን ህንድ ገጠር ዘዬ ይናገራል። ለእኛ ጆሮ የአዲስ አበባ ልጅ ሦስት ሰዓት ያህል በጎጃም ወይም በወሎ ገበሬ አነጋገር ሳይሳሳት እንደ መሥራት ነው። የሳንሱር ቦርዱ ብዙ ትዕይንት እንዲቆረጥ ጠይቆ ፊልሙን አጓትቶበታል። ከዚያ በኋላ የመጡት የሽፍታና የፖሊስ ወንድማማቾች ፊልሞች ሁሉ ከዚህ ቤት የወጡ ናቸው።

«ሙጋል-ኤ-አዛም»ን ትልቅ ስክሪን ሲያገኙ ይዩት። ዳይሬክተሩ ኬ. አሲፍ በ1940ዎቹ በሌሎች ተዋናዮች ጀምሮት ነበር፤ ገንዘብ አውጪው በመለያየቱ ጊዜ ወደ ፓኪስታን ሄደ፣ ዋናው ተዋናይ ሞተ፣ እንደገና ተጀምሮ በነሐሴ 1960 ወጣ። ንጉሥ አክባርን የሚሠራው ፕሪትቪራጅ ካፑር ከቲያትሩ ትምህርት ቤት የመጣ ነው፤ ድምፁ ግድግዳ ያናውጣል። ልጁን ሳሊምን የሚሠራው ዲሊፕ ኩማር ሆን ብሎ ከዚያ ድምፅ ሥር ይገባል። አባትና ልጅ ሲጣሉ ሁለት የትወና ዘመኖችም አብረው ይጣላሉ፤ «አንዳዝ»ንና «ዴቭዳስ»ን ያየ ሰው ይህን ወዲያው ይይዘዋል። ሳሊም የሚወዳትን የአናርካሊን ፊት በላባ የሚዳስስበትን ትዕይንት ያለ ወሬ ይዩት። ዲሊፕ ኩማርና አናርካሊን የምትሠራው የቀድሞ ፍቅረኛው ማዱባላ በዚያን ጊዜ ተለያይተው፣ ከካሜራው ውጭ የማይነጋገሩ ሰዎች ነበሩ።

አሁን ኮፒው። መጀመሪያ የሚፈትሹት ቅርጹን ነው። እነዚህ የ1940ዎቹና የ1950ዎቹ ፊልሞች የተቀረጹት ለአሮጌው ቴሌቪዥን በሚመስል ፍሬም ነው፤ ወርዱ ከቁመቱ ጥቂት ብቻ ይበልጣል። በሰፊው ቴሌቪዥን ላይ ከግራና ከቀኝ ጥቁር ባዶ ቦታ መታየት አለበት። ያ ከሌለ ከሁለቱ አንዱ ተፈጽሟል። ሰዎቹ ወፍረው የጋሪው ጎማ እንቁላል ከመሰለ ምስሉ ተለጥጧል፤ ይህ በቴሌቪዥኑ ማስተካከያ 4፡3 ሲመረጥ ይድናል። ጎማው ክብ ሆኖ የሰዎቹ ግንባር ከተቆረጠ ግን ምስሉ ከላይና ከታች ተከርክሟል፤ ከቁመቱ 25 በመቶ ገደማ ጠፍቷል፤ መድኃኒት የለውም፣ ሌላ ኮፒ ይፈልጉ። ዲሊፕ ኩማር ብዙ ጊዜ እጁን ግንባሩ ላይ ስለሚያደርግ የተከረከመ ኮፒ ትወናውን ራሱን ይቆርጠዋል።

ሁለተኛው ርዝመቱ ነው። «ሙጋል-ኤ-አዛም» በመጀመሪያው መልኩ 197 ደቂቃ ነው። 189 ገደማ ካሳየዎት ምናልባት ምንም አልተቆረጠም፤ በሰከንድ 24 ፍሬም የነበረው ለቴሌቪዥን በ25 ተለቋል ማለት ነው። ፍጥነቱ 4 በመቶ ያህል ስለሚጨምር ድምፁ ይቀጥናል፣ ዝምታዎቹም ያጥራሉ። 177 ከሆነ በ2004 ቀለም የተቀባው ነው፤ ሲቀባ አጥሯልም። እርስዎ ያዩት ይህኛው ይመስለኛል። «ናያ ዳውር»ም በ2007 ተቀብቷል። የተቀቡትን ሁለቱንም ኮፒዎች አልመክርም፤ የተቀባ ፊት ላይ ጥላው ይሞታል፣ የዲሊፕ ኩማር ትወና ደግሞ ጥላ ውስጥ ነው ያለው። በመጀመሪያው «ሙጋል-ኤ-አዛም» ውስጥ በመስታወቱ አዳራሽ የሚዘፈነው ዘፈን በቀለም ቢመጣ አይደንግጡ፤ እሱ በ1960ም በቀለም ነው የወጣው።

ሦስተኛው ድምፁ። ቴሌቪዥኑ ላይ «ሰራውንድ» የሚለውን ያጥፉ፤ እነዚህ ፊልሞች የአንድ መሥመር ድምፅ ነው ያላቸው፣ ሲበተን ንግግሩ ይደበዝዛል። እንቅስቃሴ የሚያለሰልሰውንም ማስተካከያ ይዝጉት። ኮፒውን ከመጀመርዎ በፊት አንድ ዘፈን ላይ ሄደው የግርጌ ጽሑፉ ግጥሙንም ይተረጉም እንደሆን ያረጋግጡ፤ ብዙዎቹ ይዘሉታል፣ ታሪኩ ደግሞ ብዙ ጊዜ ዘፈኑ ውስጥ ነው የሚዞረው።

ሲፈልጉ ዓመቱን አብረው ይጻፉ። «ዴቭዳስ» በተለያየ ጊዜ ደጋግሞ ተሠርቷል፣ «አንዳዝ» እና «ሻክቲ» የሚባሉ ሌሎች ፊልሞችም አሉ። የዜማ ደራሲው ኤ. አር. ራህማን የትውልድ ስሙ ዲሊፕ ኩማር ስለሆነ እሱም ሊመጣብዎ ይችላል።

ሁሉንም አይዩ። «ሊደር» ሽልማት ቢያገኝም የተበታተነ ነው። በ1966 የወጣው «ዲል ዲያ ዳርድ ሊያ» የቀድሞውን ኀዘን ይደግማል። በ«ባይራግ» ሦስት ሰው ሆኖ ሠርቶ አንዱም አልሆነለትም። ከ1961 በኋላ ዝምታው አንዳንድ ጊዜ ልማድ ብቻ ይሆናል፤ ይቆማል፣ ከመቆሙ ጀርባ ግን ምንም የለም። ከዚያ ዘመን የምለየው በ1967 መንታ ሆኖ የሠራበትን «ራም ኦር ሺያም» ነው፤ አንዱ ፈሪ፣ ሌላው ደፋር። አባትዎ ደክሟቸው ቀለል ያለ ነገር ከፈለጉ ያ ይሁን።

ከሽማግሌነቱ ዘመን «ሻክቲ»ን ያስገቡ፣ 1982። ፖሊስ አባት ነው፤ ትንሹን ልጁን ያገቱ ወንበዴዎች በስልክ ሲደራደሩት ለሕግ ብሎ እምቢ ይላል፣ ልጁም ይሰማዋል። ልጁ አድጎ አሚታብ ባችቻን ይሆናል። ሁለቱ ፊት ለፊት ሲቀመጡ አሚታብ ራሱ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ይሠራል።

እያንዳንዱ ፊልም መሐል ላይ «ኢንተርቫል» የሚል ጽሑፍ አለው። እዚያ ላይ ያቁሙና ሁለተኛውን ግማሽ በማግስቱ ይዩ፤ ፊልሞቹ ለዚያ ዕረፍት ተብለው ስለተከፈሉ ምንም አይጎድልባቸውም፣ ለአረጋዊ ሰውም ሦስት ሰዓት በአንድ ቁጭታ ይከብዳል።

በመጨረሻ «ማሻል»፣ 1984፣ የያሽ ቾፕራ። 60 ዓመት ያለፈው ዲሊፕ ኩማር ሌሊት ባዶ ጎዳና ላይ፣ ሚስቱ አስፋልት ላይ እያጣጣረች፣ የሚያልፉትን መኪኖች «ኧረ ወንድም፣ አንድ ጊዜ ቁም!» እያለ ይለምናል። ማንም አይቆምም። ጩኸቱ እየሻከረ ሄዶ ቃል መሆኑን ያቆማል። ይህ ትዕይንት ተቆርጦ ለብቻው በየቦታው ይገኛል፤ እንዳይከፍቱት። ከአባትዎ ጋር ሌሎቹን ጨርሰው እስኪደርሱበት ይቆይ።